«እጅሽ ይባረክ»፦ የማዕድ ምስጋናና የእናት ድካም በአራዳ

መግቢያ

በአማርኛ ተናጋሪ ቤተሰብ ዘንድ ማዕድ ሲነሣ «አመሰግናለሁ» የሚለው ቃል እምብዛም አይሰማም። ልጅ እናቱን ወይም እንግዳ የቤት እመቤቷን «አመሰግናለሁ» ብሎ ቢነሣ ነውር አልሠራም፤ ሆኖም ንግግሩ ቀዝቃዛና ከቢሮ የመጣ ይመስላል። በቦታው የሚጠበቀው ቃል «እጅሽ ይባረክ» ነው፤ በዕድሜ ለገፉ እናት ደግሞ «እጅዎ ይባረክ» ይባላል። ቃሉ ከልጅነት ጀምሮ በጆሮ የሚገባ በመሆኑ ማንም ቆም ብሎ አይመረምረውም።

ይህ አጭር ጽሑፍ ስለዚህ አገላለጽ ሦስት ጥያቄዎችን ያነሣል። ምስጋናው ለማን ይነገራል? ስለ እናት ድካም ምን ይመሰክራል፣ ምንስ ይሸፍናል? ማዕዱ ከቤት ወጥቶ ወደ ሆቴልና ወደ ምግብ ቤት ሲሄድስ ቃሉ ምን ይሆናል? ለማነጻጸሪያ የጃፓን የማዕድ ምስጋና ቃላት ቀርበዋል። የአራዳና የፒያሳ አካባቢ የተመረጠው በሁለት ምክንያት ነው። አንደኛ፣ ምግብ በዋጋ የሚቀርብበት ዘመናዊ ሆቴል በአዲስ አበባ ሥር የሰደደው በዚሁ አካባቢ ነው። ሁለተኛ፣ ብዙ ቤተሰብ አንድ ግቢና አንድ ማድ ቤት ተጋርቶ የኖረበት፣ አሁን ደግሞ በፍጥነት እየተለወጠ ያለ ሠፈር ነው። በማስረጃነት የቀረቡት አገላለጾች ማንኛውም የአዲስ አበባ ነዋሪ በየዕለቱ የሚሰማቸው ናቸው።

የምስጋናው ሦስት ተቀባዮች

በማዕድ ዙሪያ የሚነገረው ምስጋና ሦስት ተቀባዮች አሉት። የመጀመሪያው ፈጣሪ ነው። በኦርቶዶክሳዊ ቤት ካህን ካለ ካህኑ፣ ከሌለ ታላቁ ሰው ማዕዱን ይባርካል፤ ሲጠገብ «ተመስገን» ይባላል። በሙስሊም ቤት «ቢስሚላህ» መጀመሪያው፣ «አልሐምዱሊላህ» መጨረሻው ነው። ሁለተኛው ተቀባይ ቤቱ ነው፤ «ቤታችሁ ይሙላ»፣ «የአብርሃም የሣራ ቤት ያድርገው»፣ በማኅበርና በዝክር ላይ ደግሞ «ከዓመት ዓመት ያድርስልን» ይባላል። ሦስተኛው ተቀባይ ያበሰለችው ሴት ናት። ለእርሷ የሚነገረው ምርቃት ግን ስሟንም ማዕረጓንም አይጠራም፤ እጇን ብቻ ይጠራል።

የቃላቱ ሰዋስው አንድ ነገር ይነግረናል። «እግዚአብሔር ይስጥልኝ» በሚለው ውስጥ ሰጪው ፈጣሪ ነው፤ ተናጋሪው የሚታየው «ልኝ» በምትለው ትንሽ ቅጥያ ብቻ ነው። «በእኔ ፈንታ እርሱ ይክፈል» እንደ ማለት ነው። «እጅሽ ይባረክ» በሚለውም ባራኪው በስም አልተጠራም፤ ተናጋሪው ግን እኔ እባርካለሁ አላለም። በሁለቱም አገላለጾች የበላው ሰው ዕዳ እንዳለበት ያምናል፣ መክፈል እንደማይችልም ይናገራል፣ ክፍያውንም ወደ ሰማይ ያስተላልፋል። ይህ ከፍ ያለ ትሕትና ነው። በሌላ ዐይን ሲታይ ግን ዕዳው በዚህ ዓለም ሳይከፈል እንዲቆይ የሚፈቅድ ቃል ነው። የጽሑፉ ጥያቄ በእነዚህ በሁለቱ መካከል ይገኛል።

ለምን እጅ?

ምርቃቱ ልብን ወይም ራስን ትቶ እጅን የመረጠው ያለ ምክንያት አይደለም። ስለ ጥሩ አብሳይ ሲነገር «እጇ ይጣፍጣል» ይባላል። ሁለት ጎረቤታሞች ከአንድ ገበያ ሽንኩርት ገዝተው፣ አንድ በርበሬ ተካፍለው፣ ወጡ የተለያየ ሲሆን ልዩነቱ ለእጅ ይሰጣል። እጅ እዚህ ላይ ልምድንም፣ ትዕግሥትንም፣ ጉልበትንም ያጠቃልላል።

ድካሙ ሲዘረዘር ምን እንደሚመስል ሁሉም ያውቃል፤ ሲዘረዘር ግን አይሰማም። ለእንጀራው ጤፉ ይለቀማል፣ ይፈጫል፣ በእርሾ ይቦካል፣ ቀናት ይጠብቃል፣ አብሲት ይጣልበታል፣ ከዚያ በኋላ በጭስ ፊት ይጋገራል። በርበሬው ተቀንጥሶ፣ ደርቆ፣ ከቅመሙ ጋር ተደልዞና ተወቅጦ ወይም ተፈጭቶ ለወራት እንዲበቃ ይዘጋጃል። ለዶሮ ወጥ የሽንኩርቱ ቁሌት ብቻ ሰዓታት ይወስዳል፤ ዶሮው በልማድ 12 ብልት ሆኖ ይወጣል፣ ተደጋግሞም ይታጠባል። ረቡዕና ዓርብ፣ ዐቢይ ጾምና ፍልሰታ ሲመጡ ደግሞ ያቺው እጅ የጾሙን ገበታ ለብቻው ታሰናዳለች፤ የማይጾም ሕፃን ወይም በሽተኛ ባለበት ቤት ሁለት ወጥ መሥራት ግድ ነው።

ቋንቋው ይህን ችሎታ «ሙያ» ይለዋል። «ባለሙያ» የሚለው ቃል ለሐኪምም ለመሐንዲስም ይነገራል፤ «ባለሙያ ሴት» ሲባል ግን ሰሚው ሁሉ የሚረዳው ወጥ የምታውቅ፣ ቤት የምትይዝ ሴት መሆኗን ነው። የወንዱ ሙያ በደመወዝ ይተመናል። የሴቷ ሙያ በምርቃት ይታወቃል፤ «ወንድ በችሎት፣ ሴት በማጀት» የሚለው ተረትም ቦታዋን አስቀድሞ ወስኖላታል።

«መባረክ» የሚለው ግስ ራሱ አንድ ተጨማሪ ነገር ይጠቁማል። በበዓል ዋዜማ በግ ወይም ዶሮ ማረድ «መባረክ» ይባላል። በልማድ ሴት ስለማታርድ፣ ወንድ በሌለበት ቤት ያለች እናት ዶሮዋን ይዛ ወደ ጎረቤት ወይም ወደ በር ወጥታ «እባክህ ባርክልኝ» ትላለች። የወንዱ ሥራ የደቂቃ ነው፤ ስሙ ግን ቡራኬ ነው። ከዚያ በኋላ ያለው ሥራ፣ መንቀሉ፣ መገነጣጠሉ፣ ማጠቡ፣ ማቁላላቱ፣ እስከ ሌሊት የሚዘልቅ ነው፤ ቡራኬውን የሚያገኘው ግን ሁሉም በልቶ ሲያበቃ ነው። አንዱ በሥራው ባራኪ ይባላል፤ ሌላዋ ሥራዋን ስትጨርስ ትባረካለች።

የአስተናጋጇ ቋንቋ

የማዕድ ምስጋና የሁለት ወገን ንግግር ነው። ከበላው ወገን ምርቃት ከመምጣቱ በፊት ካበላችው ወገን ልመና ይሰማል። «በሞቴ»፣ «አፈር ስሆን»፣ «እኔን ብለህ ይህቺን ብቻ» ትላለች። እንግዳው አንድ ጊዜ እንዲጎርስ እናት ሞቷን ታስይዛለች። ጉርሻው ከተሰጠም «አንድ ጉርሻ ያጣላል» ተብሎ ይደገማል። እንግዳው «በቃኝ፣ ጠገብኩ፣ እጅሽ ይባረክ» ሲል የሚሰጠው መልስ ደግሞ «አሜን» ብቻ አይደለም፤ «ምን በላችሁና!» የሚል ነው። ቀኑን ሙሉ የደከመችበትን ማዕድ በአንድ ቃል ከምንም አታደርሰውም።

ይህ ሲሆን እርሷ የት ናት? በብዙ ቤት ቆማለች። ወጥ ትጨምራለች፣ እንጀራ ታመጣለች፣ ልጁ ለእጅ ማስታጠብ ውኃውን እንዲያቀርብ ትጠቁማለች። ለልጁ «እደግ፣ ተመንደግ» ተብሎ ይመረቃል። ለእርሷ «ቁጭ ብለሽ ብዪ እንጂ» ሲባል መልሷ «እኔ ኋላ እበላለሁ» ነው። ስለዚህ ምስጋናው የሚነገራት ብዙውን ጊዜ ከበሉት መካከል ላልሆነችው ሰው ነው።

የጃፓን ማነጻጸሪያ

በጃፓን ምግብ ከመጀመሩ በፊት «ኢታዳኪማስ»፣ ከተበላ በኋላ «ጎቺሶሳማ» ይባላል። «ኢታዳኪማስ» በትሕትና መቀበልን የሚገልጽ ግስ ሲሆን፣ ከመነሻው አንድን ነገር ከራስ በላይ ከፍ አድርጎ ከመያዝ ጋር የተያያዘ ነው። ተቀባዩ ራሱን ዝቅ ያደርጋል፤ ከማን እንደተቀበለ ግን አይናገርም። ዛሬ ሲብራራ ሕይወታቸውን ለሰጡት እንስሳትና አዝርዕት፣ ላረሰው፣ ላጠመደውና ላበሰለው ሁሉ የሚቀርብ ምስጋና ነው ይባላል። «ጎቺሶሳማ» ግን ወደ ሰው ድካም ይቀርባል። ቃሉ የሚጻፍባቸው ሁለቱ ዋና ምልክቶች መሮጥንና መጋለብን የሚያመለክቱ ናቸው፤ አስተናጋጁ እንግዳውን ለመመገብ ወዲያ ወዲህ መሮጡን ያስታውሳሉ። ከዚህ በኋላ ከአስተናጋጅ የሚሰማው የትሕትና መልስ «ኦሶማትሱሳማ» ነው፤ ያቀረብኩት እዚህ ግባ የሚባል አልነበረም እንደ ማለት ነው። የእኛ እናቶች «ምን በላችሁና!» ያሉት በሩቅ ምሥራቅም ተብሏል።

ልዩነቱ በተቀባዩ ላይ ነው። የጃፓኑ ቃል ብቻውን ለተቀመጠ ሰውም ያገለግላል፤ ብቻውን የሚበላ ሰው «ኢታዳኪማስ» ብሎ ሊጀምር ይችላል። «እጅሽ ይባረክ» ግን ያለ «አንቺ» አይነገርም። ቃሉ ሴቷ በአጠገብ እንድትኖር ይጠይቃል።

ሆኖም በሁለቱም ኅብረተሰብ ምስጋናው ወደ እናት ይመለሳል። ጃፓኖች «ኦፉኩሮ ኖ አጂ» ሲሉ እኛ «የእናቴ እጅ» የምንለውን ጣዕም ማለታቸው ነው። አንትሮፖሎጂስቷ አን አሊሰን እ.ኤ.አ. በ1991 ባሳተመችው ጥናት፣ የጃፓን እናቶች ለመዋዕለ ሕፃናት ልጆቻቸው የሚያዘጋጁት «ኦቤንቶ» የተባለው የምሳ ሣጥን ከምግብነት ያለፈ ሚና እንዳለው አሳይታለች። ልጁ ሣጥኑን አሟጦ እንዲበላ ይጠበቃል፤ በሣጥኑ ውበትና በልጁ አበላል የምትመዘነው ግን እናቲቱ ናት። ጃፓን እ.ኤ.አ. በ2005 ባወጣችው የምግብ ትምህርት መሠረታዊ ሕግ ለምግብና በምግቡ ለደከሙ ሰዎች ምስጋና ማቅረብን የትምህርት ዓላማ አድርጋዋለች። የሁለቱ ማስረጃዎች ጎን ለጎን መቆም አንድ ጥንቃቄ ያስተምራል፤ ምስጋናን በትምህርትና በሕግ ማጽናት ይቻላል፣ ሸክሙን ማከፋፈል ግን ሌላ ሥራ ነው።

ከግብር አዳራሽ እስከ ሆቴል

በኢትዮጵያ ታሪክ የማብላት ክብር ከሥልጣን ጋር የተያያዘ ነበር። በቤተ መንግሥት ግብር ሲበላ ምስጋናውና ውዳሴው ወደ ንጉሡ ይሄዳል፤ ከአዳራሹ ጀርባ ያሉት የእንጀራ ቤት፣ የወጥ ቤትና የጠጅ ቤት ሴቶች ግን ከመጋረጃ ውጭ ናቸው። የእቴጌ ጣይቱ ብጡል ታሪክ ከዚህ ለየት ይላል። በ1880 ዓ.ም. ለእንጦጦ ማርያም ቤተ ክርስቲያን ምረቃ ያሰናዱት ታላቅ ግብር በጸሐፌ ትእዛዝ ገብረ ሥላሴ ተመዝግቦ ደርሶናል። የታሪክ ምሁሩ ጄምስ ማካን እ.ኤ.አ. በ2009 ባሳተመው የአፍሪካ ምግብ ታሪክ መጽሐፍ ይህን ግብር አንድ ብሔራዊ ገበታ የተቀረጸበት አጋጣሚ አድርጎ ያየዋል። ማዕድ እንደ ፖለቲካ ሥራ፣ ሴትም እንደ አዘጋጇ በስም የታየችበት ብርቅ ጊዜ ነው።

ምግብ ወደ ዋጋ የተሸጋገረበት ታሪክም ከእቴጌይቱ ስም አይለይም። ከዐድዋ ድል በኋላ የቅዱስ ጊዮርጊስ ቤተ ክርስቲያንና በአጠገቡ የነበረው የአራዳ ገበያ የከተማው እምብርት ሆኑ። በ1890ዎቹ ዓ.ም. መጨረሻ እቴጌ ጣይቱ ሆቴላቸውን በዚሁ አካባቢ አቆሙ። በሰፊው እንደሚተረከው፣ ሰው ከፍሎ መብላትን እንደ ነውር በመቁጠሩ ሆቴሉ ሲከፈት እንግዳ አልነበረውም፤ ዐፄ ምኒልክ ራሳቸው መኳንንቱን አስከትለው ሄዱ፣ በሉ፣ ከፈሉም። ትረካው በዝርዝሩ ይለያይ እንጂ የያዘው ቁም ነገር ግልጽ ነው። ለማዕድ የሚገባው መልስ ምርቃት ነው ብሎ ለሚያምን ኅብረተሰብ ሒሳብ እንግዳ ነገር ነበር። በጣሊያን ወረራ ዘመን፣ ከ1928 እስከ 1933 ዓ.ም.፣ ገበያው ወደ ዛሬው መርካቶ ሲዛወርና አካባቢው «ፒያሳ» የሚለውን ስም ሲይዝ፣ የምግብ ቤትና የኬክ ቤት ልማድ ከቀድሞው ይልቅ ተስፋፋ።

ዛሬ በፒያሳ ምግብ ቤት የበላ ሰው ምስጋናውን እንዴት እንደሚያከፋፍል ማስተዋል ይጠቅማል። የጋበዘው ሰው «እግዚአብሔር ይስጥልኝ» ይባላል። ባለቤቱ ሒሳቡን ይቀበላል። አስተናጋጇ «ጉርሻ» ታገኛለች። ይህ ቃል ትልቅ መንገድ ተጉዟል፤ በቤት ከእጅ ወደ አፍ የሚሄድ የፍቅር ምልክት የነበረው፣ በምግብ ቤት ከእጅ ወደ ኪስ የሚገባ ሳንቲም ሆኗል። ከግድግዳው ጀርባ ቁሌቱን የምታማስለው ሴት ግን ከሦስቱ አንዱም አይደርሳትም። «እጅሽ ይባረክ» የሚለው ቃል «አንቺ»ን የሚፈልግ በመሆኑ፣ «አንቺ» የምትባለዋ ሴት በማትታይበት ቦታ ይቋረጣል።

የጋራ ግቢውና አዲሱ ማድ ቤት

ቃሉ ከሁሉ ይበልጥ የሚሰማበት ቦታ የአራዳ የጋራ ግቢ ነበር። የከተማ ቦታና ትርፍ ቤቶችን የመንግሥት ያደረገው አዋጅ ቁጥር 47/1967 ከወጣ በኋላ፣ በፒያሳ ዙሪያ ያሉ ብዙ ቤቶች በቀበሌ ሥር ሆነው ለብዙ ቤተሰብ ተከፋፈሉ። በእንዲህ ያለው ግቢ አንድ ማድ ቤት፣ አንድ የውኃ ቧንቧና አንድ መጸዳጃ የብዙዎች ነው። የማን ወጥ እንደተጣደ በሽታው ይታወቃል። ልጅ ከትምህርት ቤት ሲመለስ እናቱ ከሌለች «እትዬ» ከሚላት ጎረቤት ዘንድ ይበላል፤ ስለዚህ ልጁ «እጅሽ ይባረክ» ማለትን የሚማረው ከእናቱ ቤት ውጭም ነው። ቡና ሲጠራ ከአቦል እስከ በረካ ምርቃቱ በግቢው ሁሉ ፊት ይወርዳል። የአንዲት ሴት ሙያ ምስክር ነበረው።

ይህን ኑሮ ማስጌጥ አይገባም። የጋራ ማድ ቤት ጭስ፣ ወረፋ፣ ጠብና ጠባብነት አለበት፤ ምስክሩም አንዳንዴ ፈራጅ ይሆናል። ከ2016 ዓ.ም. ጀምሮ በኮሪደር ልማት ዶሮ ማነቂያን የመሰሉ የፒያሳ ሠፈሮች ሲፈርሱና ነዋሪዎቹ ወደ ሌሎች የከተማው ክፍሎች ሲዛወሩ፣ ብዙ እናቶች የራሳቸው በር ያለው ማድ ቤት፣ ቧንቧና የኤሌክትሪክ ምጣድ ያለበት ቤት ገብተዋል። ለዐይናቸውና ለወገባቸው ይህ እፎይታ ነው። ነገር ግን በሩ ሲዘጋ ምስክሩም አብሮ ቀርቷል። ድካሙ ቀለል ቢልም የሚያየው ሰው አንሷል፤ የማይታይ ድካም ደግሞ እንደሌለ ይቆጠራል።

በተቃራኒው፣ የቤቱ ሥራ ወደ አደባባይ የወጣበት አዲስ ሁኔታም አለ። በአዲስ አበባ የመንግሥት ትምህርት ቤቶች ከ2012 ዓ.ም. ወዲህ በስፋት በሚካሄደው የተማሪዎች ምገባ ምግቡን የሚያበስሉት ሴቶች በተለምዶ «እናቶች» ይባላሉ። ስሙ ፍቅርና አክብሮት አለው። ሆኖም ከጽሑፋችን ጥያቄ አንጻር ማስተዋል የሚገባው ነገር ይኖራል፤ ሴቶቹ የሚሠሩት ሥራ ክፍያ ያለው ሥራ ነው፤ መጠሪያቸው ግን «ባለሙያ» ሳይሆን «እናት» ነው። «እናት» ብሎ የጠራ ሰው ምርቃትን በቂ ዋጋ አድርጎ ለማሰብ ይቀለዋል። ሙያን ሙያ ብሎ መጥራት ፍቅሩን አይቀንሰውም።

ማጠቃለያ

«እጅሽ ይባረክ» ትክክለኛ ቃል ነው። ከጃፓኑ «ኢታዳኪማስ» በተለየ የደከመውን አካል ለይቶ ይጠራል፤ ፊት ለፊት ይነገራል፤ የበላው ሰው ዕዳውን መክፈል እንደማይችልም ይመሰክራል። ድክመቱ ቃሉ ውስጥ የለም፤ ከቃሉ በኋላ ባለው ዝምታ ውስጥ ነው። ምርቃቱ ተነግሮ፣ «አሜን» ተብሎ፣ ሁሉም ሲነሣ ሳሕኖቹን የምታነሣው ያችው የተመረቀችው እጅ ከሆነች፣ ዕዳው ወደ ሰማይ የተላከው በምድር ያለውን ላለመክፈል ነው ያሰኛል።

ከዚህ በመነሣት ሁለት ነገሮችን ማመልከት ይቻላል። የመጀመሪያው የምርምር ሥራ ነው። የማዕድ ምርቃቶች በሠፈርና በግቢ ኑሮ ውስጥ የሚሰሙ የቃል ሀብቶች በመሆናቸው፣ የአራዳ ነባር ነዋሪዎች ወደየአቅጣጫው ሳይበታተኑ ከእናቶቹ አንደበት መሰብሰብ ይኖርባቸዋል፤ ይህ ለፎክሎርና ለሥነ ልሳን ተማሪዎች ቅርብና አስቸኳይ ርእስ ነው። ሁለተኛው የቤት ሥራ ነው። ቋንቋችን «እጅህ ይባረክ» የሚል ቃልም አለው፤ ጥሩ ለሠራ አናጢና ሸማኔ ሲነገር ኖሯል። በማዕድ ላይ ግን እምብዛም ስላልተሰማ እንግዳ መሰለን እንጂ ሰዋስው አልከለከለውም። ወንድ ልጅ እናቱን ከመረቀ በኋላ እርሷን አስቀምጦ ሳሕኑን ቢያነሣ፣ በሌላ ቀን ደግሞ ሽንኩርቱን ከትፎ ወጡን ቢጥድ፣ ምርቃቱን ለመቀበል ተራው ይደርሰዋል። እርሷም ያን ቀን ከሁሉ ጋር ቁጭ ብላ፣ ምግቡ ሳይቀዘቅዝ ትበላለች።